ክትር ላይ የተነገረ ቃል

ወይንሸት አራጌ ጠዋት ጠዋት ከማድቤት ወደ በረት ሻይና ቂጣ ይዛ ትሄዳለች። ሻዩ በጣሳ ነው፣ ቂጣው የማሽላ ነው። ከሁለቱ ጋር አንድ መልእክት አለ፤ እሱ የእናቷ ነው።

«ለዚያ ሰውዬ ንገሪው» ትላለች እናቷ ቆንጅት፣ ፊቷን ከምድጃው ሳትመልስ። «ሮቢት ገበያ ከወረደ ጨው እንዳይረሳ። እንዳለፈው ገበያ እጁን እያወዛወዘ እንዳይመጣብኝ።»

ወይንሸት ግቢውን ታቋርጣለች። ግቢው ጠባብ ነው፤ ምድጃው አጠገብ የተባለው በረቱ ድረስ ቁልጭ ብሎ ይሰማል። ቢሆንም አባቷ አራጌ፣ ለበሬዎቹ አገዳ እየበተነ፣ ምንም እንዳልሰማ ሰው ቀና ይላል።

«ምን አለች?»

«ጨው አልቋል፣ አባዬ።»

«ንገሪያት። እኔ የጨው ነጋዴ አይደለሁም። ጨው የፈለገ በእግሩ ይውረድ።»

ወይንሸት ባዶውን ጣሳ ይዛ ትመለሳለች። «እሺ ብሏል» ትላለች። ማታ ጨው ይመጣል።

ነገሩ እንዲህ ከሆነ ሁለት ዓመት ሞልቶት ነበር። በ2001 ዓ.ም. ክረምት ወይንሸት የስምንተኛ ክፍልን ፈተና ተፈትና ውጤቷን የምትጠብቅ የዐሥራ አምስት ዓመት ልጅ ነበረች። አባትና እናቷ በአንድ ጣራ ሥር እየኖሩ፣ ከአንድ ገበታ እየበሉ፣ ቃል አይለዋወጡም። ታላቅ ወንድሟ እሸቴ አግብቶ ዋጃ ገብቷል። ለቤቱ የቀረለት ምላስ የእሷ ብቻ ነበር።

እንዲህ ያለ የባልና ሚስት ኩርፊያ ሌላ ቦታ ቢሆን በሳምንት ይበርዳል። ይኼኛው ያልበረደው ጠቡ ስለከፋ አልነበረም፤ ጠቡ የተነሣበት ቦታ ስለከፋ ነው።

የራያ ቆላ ገበሬ የሚያርሰው በሁለት ሰማይ ነው። አንደኛው ከራሱ አናት በላይ ያለው ነው፤ እሱ አይታመንም። ሁለተኛው በምዕራብ በኩል፣ ከተራሮቹ ላይ ያለው ነው። ደጋው ላይ ሲዘንብ፣ ቆላው ላይ ፀሐይ እየነደደች፣ የጎሊና ወንዝ ደፍርሶ፣ ግንድና ድንጋይ እያንከባለለ ይወርዳል። ደራሽ የሚባለው ይህ ነው። ደራሹን ከወንዙ ጠልፎ ወደ ቦይ የሚያስገባው፣ ከድንጋይ፣ ከአፈርና ከግራር እሾህ የሚሠራው ግድብ ደግሞ ክትር ይባላል። ደራሹ ሲበረታ ክትሩን ይዞት ይሄዳል፤ ገበሬዎቹ መልሰው ይሠሩታል። ማሽላ የሚበላው በዚህ ዓይነት ነው።

ውሃው በተራ ነው። ሰኔ ላይ ሁሉም ክትሩ ላይ ይቆምና የውሃ አባት የሚሉት ሽማግሌ ተራውን በቃሉ ይናገራል፤ እያንዳንዱም «እሺ» ይላል። አለቀ። እዚያ ቦታ ላይ የተነገረ ቃል ከታጠፈ የማንም ተራ አይጸናም፤ ስለዚህ የክትር ቃሉን ያጠፈ ሰው ወደ ተራው ጅራት ይወርዳል። ጅራት ላይ ያለ ሰው የሚያጠጣው ደራሹ ከሁሉም የተረፈ እንደሆነ ነው። የአገሩ ሰው ቤቱ ውስጥ የፈለገውን ይምላል፤ ክትር ላይ ሲቆም ግን ሲቀልድ እንኳ ይጠነቀቃል።

አራጌ አልተጠነቀቀም። በ1999 ነሐሴ፣ እሱ ቆቦ ገበያ በዋለበት ቀን ደራሽ መጣ። ተራው የእነሱ ነበር። ከእነሱ ማሳ ዝቅ ብሎ የቆንጅት ወንድም የሙሉጌታ ማሽላ አለ፤ ቅጠሉ በጥማት እየተጠቀለለ ነበር። ቆንጅት፣ ‹ለጥቂት ጊዜ ልልቀቅለትና እመልሰዋለሁ› ብላ ውሃውን አሳለፈችለት። ደራሽ ግን እንደ እንግዳ ቆይ ተብሎ አይለመንም። ልትመልሰው ስትል ወንዙ ጎደለ። አራጌ ከገበያ ሲመለስ የራሱ ማሳ ትቢያ፣ የሙሉጌታ ማሳ ባሕር ሆኖ አገኘው።

ገበሬው ገና ክትሩ ላይ ነበር። አራጌ እዚያው ደረሰባት።

«የወንድምሽ ማሽላ ይጠጣ፣ የልጆችሽ አፍ ይድረቅ?»

«ወንድሜ በቸገረኝ ጊዜ ደርሶልኛል። አንተ ለማን ደርሰህ ታውቃለህ?»

ይህ በሰው ፊት መባሉ ከማሳው በላይ አቃጠለው። ቀኝ እጁን አነሣ። «ገብርኤልን! ከእንግዲህ ከዚች ሴትዮ ጋር ቃል ብለዋወጥ ከሰው አትቁጠሩኝ።»

«እኔም እንደሱ» አለች ቆንጅት።

ቤታቸው ቢሆን ኖሮ እስከ እራት ይረሳ ነበር። ያን ማታ ሁለቱም ቁጭት እንደገባቸው ወይንሸት ከአበላላቸው አውቃለች። ቃሉ ግን ወጥቷል፤ ሃያ ገበሬ ሰምቶታል። በኋላ የንስሐ አባታቸው መሐላውን እፈታልሃለሁ ቢሉት አራጌ፣ «ገብርኤልስ ይቅር ይለኛል፣ አባ። የውሃው ሰዎችስ?» ብሎ መለሰላቸው። ሽማግሌ ሲገባም ነገሩ ማን ቀድሞ ይናገር በሚለው ላይ ይቆማል። እሱ ከተናገረ ጅራት ይወርዳል፤ እሷ ከተናገረች እሱ ሳይመልስላት ቀርቶ በሰው ፊት ታፍራለች። ስለዚህ ማንም አልጀመረም።

ኩርፊያው ጥላቻ አልነበረም። ቆንጅት ሽሮው ላይ ቅቤ ጣል ስታደርግ ሁልጊዜ በአራጌ በኩል ትጥለዋለች። አራጌ ደግሞ ዙሪያውን በልቶ ቅቤውን ወደ እሷ ገፋ ያደርገዋል። እሷ አታነሳውም። ቅቤው መሃል ላይ ይቀርና ወይንሸት ትበላዋለች።

«በጠባቸው የወፈርሽው አንቺ ነሽ» ትላታለች ሳሊሀ። ሳሊሀ የጎረቤታቸው የሼህ ነጅሙዲን ልጅ ናት፤ ከአንደኛ ክፍል ጀምሮ አብረው ተቀምጠዋል። የአካባቢው የውሃ አባትም ሼህ ነጅሙዲን ናቸው።

ወይንሸት በሥራዋ ትኮራ ነበር። መጀመሪያ ላይ ከሚነገራት መቀነስ እንጂ መጨመር አታውቅም፤ ‹ያ ሰውዬ› የተባለውን ትቶ ጨዉን ማድረስ ነው። እያደር ግን እጇ ለመደ። አንድ ጊዜ አራጌን ወባ ጥሎት፣ ቆንጅት ቀኑን ሙሉ ከመደቡ ግርጌ ተቀምጣ ዋለች። ከመሸ በኋላ፣ «ንገሪው፤ አሁን ቢሞት የማለቅስበት ነጠላ እንኳ የለኝም፤ ይነሣና ይግዛልኝ» አለች። ወይንሸት ወደ አባቷ ጆሮ ጎንበስ ብላ «እማዬ ጨንቋታል» አለችው። አራጌ ዓይኑን ሳይገልጥ፣ «አውቃለሁ። እሷም ትብላ በያት» አለ። ወይንሸት ለእናቷ፣ «ስትበይ ማየት እፈልጋለሁ ብሏል» አለቻት። ቆንጅት በላች። ወይንሸት ያን ቀን ከአስተማሪዎቿ ሁሉ የበለጠች መሰላት።

የፈተናው ውጤት ነሐሴ አጋማሽ ላይ መጣ። ሁለቱም ልጆች አልፈዋል። ዘጠነኛ ክፍል ያለው ቆቦ ነው፤ ከእነሱ መንደር ተመላልሶ መማር አይቻልም። ተማሪ ቆቦ ቤት ይከራያል፣ ቅዳሜ ቅዳሜ መጥቶ ስንቁን ይዞ ይመለሳል። ሼህ ነጅሙዲን አንድ ክፍል አይተው ለባለቤቱ እሺ ብለውታል። ቅድመ ሁኔታቸው አንድ ነበር።

«ሁለት ከሆኑ አንዷ ላንዷ ዓይን ናት» አሉ። «ብቻዋን ግን አልልክም። ወይኒ ከቀረች ሳሊሀም ትቀራለች።»

ምዝገባው ጳጉሜን ከመግባቱ በፊት ያልቃል። ወይንሸት አባቷን ጠየቀች። አራጌ የሞፈሩን ማሰሪያ እያጠበቀ፣ «እናትሽ ምን አለች?» አላት። እናቷን ጠየቀች። ቆንጅት ጤፍ እየነፋች፣ «አባትሽ አለልሽ አይደል» አለቻት። ወይንሸት በእነዚህ ሁለት መልሶች መካከል አንድ ሳምንት ተመላለሰች። በመጨረሻ የለመደችውን ዘዴ ሞከረች፤ አልሠራም። ቦኖው ዘንድ ጀሪካን ተራ ይዘው ሲጠብቁ ለሳሊሀ የነገረቻት ይህንኑ ነው።

«ለእሱ እሷ ፈቅዳለች አልኩት። ለእሷ ደግሞ እሱ ፈቅዷል አልኳት።»

«ውሸታም። ከዚያስ?»

«እሱ፣ ‹እንዲህ ቶሎ ከፈቀደችማ የሆነ ነገር አስባለች፤ ትቆይ› አለ። እሷ፣ ‹ልጄን ሊያርቅብኝ ነው› ብላ አለቀሰች።»

ሳሊሀ ሳቀች፤ ከዚያ ሳቋን አቆመች፤ ጉዳዩ የእሷም ነውና። «ወላሂ አንቺ ነሽ ያጣላሻቸው» አለች።

«እኔ? ክትሩ ላይ የማልኩት እኔ ነኝ?»

«የተጣሉትማ ራሳቸው ናቸው። ጠቡን ያቆየሽላቸው አንቺ ነሽ። እሱ ድንጋይ ይወረውራል፣ አንቺ ጥጥ አድርገሽ ታደርሺላታለሽ። እሷም ድንጋይ ትመልሳለች፣ አሁንም ጥጥ። እኔ ብሆን በጥጥ የሚደበድበኝን ባል መቶ ዓመት አኮርፈው ነበር።»

«ታዲያ ድንጋዩን እንዳለ ላድርስ? ይፈነካከታሉ እኮ።»

«ምንም አታድርሺ። ጀሪካንሽን አንሺ፣ ተራሽ ደርሷል።»

ወይንሸት ነገሩን በሆዷ ይዛ ቤት ገባች። በረቱ ውስጥ ቆንጅት ላሚቱን እያለበች ታወራታለች። የላሚቱ ስም ቡሬ ነው። «እሷ ከሄደች ከማን ጋር ላወራ ነው፣ ቡሬ? ካንቺ ጋር?» ትላለች። ወይንሸት ከአጥሩ ወዲህ ቆማ ሰማች። ትምህርቱን ማንም አልጠላባትም። ሁለቱም የፈሩት በሁለቱ መካከል የምትቀረውን ባዶ ቦታ ነው። ደግሞም ይህን ፍርሃት አንዱ ለሌላው መናገር ቢፈልግ የሚናገረው በእሷ በኩል ነው።

በዚያው ቀን እራት ላይ እጇን ከገበታው ሰበሰበች።

«ከነገ ጀምሮ ቃል አላደርስም» አለች። «የምትባባሉት ካለ እዚሁ ናችሁ።»

ሁለቱም ቀና ብለው አዩዋት። አራጌ ለሚስቱ እንድትነግርለት የሆነ ነገር ሊል አፉን ከፍቶ መልሶ ዘጋው። ቆንጅትም እንዲሁ። ያን ማታ ቅቤውን ማንም አልበላውም።

በማግስቱ ሻዩ በረት ደረሰ፤ ቃሉ ግን አልደረሰም። ቆንጅት መልእክቷን ወደ ቡሬ አዞረች፤ «ቡሬ፣ ጌታሽ ሸሚዙን ካላወጣ እንደቆሸሸ ይቀራል፤ ነግሬሻለሁ።» አራጌ ደግሞ አህያዋን ያዘ፤ «ሸሚዙ የተቀደደ ነው። ካጠበችው ያልቃል በያት።» አህያዋ አልነገረችም። ጨው አለቀና ወጡ አልጫ ሆነ። አንዱ ሌላው አጠጥቷቸዋል ብሎ በሬዎቹ አንድ ቀን ሳይጠጡ ዋሉ። ወይንሸት ምላሷ አፏ ውስጥ እንደ እንግዳ ነገር ከበዳት። በመሃላቸው ስትቀመጥ ሁለቱም በዓይናቸው ይለምኗት ነበር፤ አባቷ እንዲያውም አንድ ማታ «ወይኒ፣ እንዲያው አንዲት ቃል ብቻ» አላት። አንገቷን ነቀነቀች። ቆይታ አለቀሰች፣ ግን በረት ገብታ ነው።

በዚህ መካከል ደራሽ መጣ።

ከሰዓት በኋላ ነበር። ሰማዩ ጥርት ብሏል። መጀመሪያ የእርጥብ አፈር ሽታ በነፋስ መጣ፣ ከዚያ ከላይ በኩል ወፍጮ የሚመስል ድምፅ። ሼህ ነጅሙዲን ክትሩ ላይ ወጥተው «ደራሽ! ደራሽ! ተራው የአራጌ ነው!» እያሉ ተጣሩ። መንደሩ በሙሉ አካፋና ዶማ ይዞ ወጣ። ሳሊሀም እሾህ ስትጎትት ነበረች።

በዚህ ሥራ እያንዳንዱ ቤት ሦስት ሰው ያሰልፋል። አንዱ ክትሩ አጠገብ፣ የራሳቸው ቦይ በሚነሣበት አፍ ላይ ይቆማል፤ አራጌ የሚቆመው እዚያ ነው። ሌላው ታች ማሳው ላይ ሆኖ ውሃው ሲሞላ ያያል፤ እዚያ ቆንጅት ናት። ሦስተኛው በመሃል፣ ከቦዩ ዳር ባለ ጉብታ ላይ ቆሞ ከታች የሰማውን ወደ ላይ ያስተጋባል፤ በጎርፉ ጩኸት ላይ ከታች እስከ ላይ የሚደርስ ድምፅ የለምና። የሚባሉት ቃላት ሁለት ብቻ ናቸው፦ ክፈት፣ ዝጋ። ዝጋ የተባለ ጊዜ ከዘገየ ውሃው የማሳውን ዙሪያ የአፈር ግርዶሽ ይሰብርና አፈሩን ከነማሽላው ይዞ ይወርዳል።

ወይንሸት ጉብታው ላይ ወጣች። ከቤት ስትወጣ ዝም እላለሁ ብላ አላሰበችም፤ የቤቱ ቃል ሌላ፣ የውሃው ቃል ሌላ ነው ብላ ነበር። እግሮቿ የወሰዷት ሁልጊዜ ወደሚወስዷት ቦታ ነው። ‹ክፈት› እስኪባል ማንም አልጠበቀም፤ አራጌ ውሃውን አይቶ ራሱ ከፈተ። ቀዩ ውሃ አረፋ እየደፈቀ በእግሯ ሥር አለፈ። ማሽላው ቁመቷን ያህል ነበር፤ ሥሩ ሲርስ ቅጠሉ የሚያሰማውን ድምፅ ታውቀዋለች። ማሳው ሞላ። ግርዶሹ በምሥራቅ ጥጉ በኩል መልቀቅ ጀመረ።

«በይው ይዝጋ!» አለች ቆንጅት ከታች።

ወይንሸት ሰማች። ወደ አባቷ ዞረች። አራጌ አካፋውን ይዞ፣ ዓይኑን አፏ ላይ ተክሎ ይጠብቃል። ቃሉ ጥርሷ ድረስ መጥቶ ነበር። ብትለው ያልቃል፤ ማሳውም ይድናል፣ ነገም ሻይና ቃል ይዛ ወደ በረት ትሄዳለች፣ ከነገ ወዲያም፤ እሷ ቆቦ ሳትሄድ ትቀራለች፣ ሳሊሀም ትቀራለች። አፏን አልከፈተችም። አራጌ ገና ነው ማለት ነው ብሎ ጠበቀ።

«ይዝጋ በይው እንጂ፣ ምን ሆነሻል!»

ቆንጅት ዶማዋን ጣለች። ቀሚሷን በሁለት እጇ ሰብስባ በቦዩ ዳር ወደ ላይ ሮጠች። በጉብታው በኩል ስታልፍ ልጇን አንድ ጊዜ አየቻት። ከኋላዋ የግርዶሹ ጥግ ተናደ። ወይንሸት ማሽላው እንደቆመ ወደ ጎን ሲያዘነብል፣ ከዚያ ሲጠፋ አየች።

ቆንጅት ክትሩ ላይ ደረሰች። ሃያ ገበሬ ቆሞ ነበር።

«አራጌ! ዝጋው! ማሳው ሄደ!»

አራጌ ደነገጠ። ስሙን ከአፏ ከሰማ ሁለት ዓመት ሆኖታል። አንድ አፍታ አካፋውን እንደያዘ ቆመ፤ ከዚያ «እሾሁን አቀብይኝ!» አለ።

አቀበለችው። እሱ እሾህ እየረገጠ፣ እሷ ድንጋይ እያንከባለለች፣ ሌሎቹም አፈር እየሞሉ የቦዩን አፍ ዘጉት። ውሃው ወደሚቀጥለው ባለተራ ዞረ። አራጌ ወደ ቆንጅት እጅ ጎንበስ ብሎ ቀና አለ። ሰው ሁሉ ሁለቱን ያያል፤ ሁለቱ እግራቸውን ያያሉ። ወይንሸት ከጉብታው ወርዳ ከሰዎቹ ጀርባ መጥታ ቆመች።

ሼህ ነጅሙዲን ጉሮሯቸውን ጠረጉ። አራጌን ይወዱታል፤ በክፉ ቀን አብረው ክትር የሠሩ ሰዎች ናቸው። ነገሩን ሰው አፍ ሳይገባ ሊዘጉት ፈለጉ።

«ጀማዓ፣ ስሙኝ» አሉ። «ደራሽ ሲመጣ የሚጮኸው ጩኸት ጩኸት ነው። በሬ ቢሆንም ይጮኻል። ይህ ቃል መለዋወጥ አይባልም። የአራጌ መሐላ እንዳለ ነው፣ ተራውም እንዳለ ነው። የሚቃወም አለ?»

ማንም አልተቃወመም። ጥቂቶቹ በጎ ነው ብለው ራሳቸውን ነቀነቁ። ወይንሸት ግን ታች የተናደውን ጥግ አየች። መሐላው እንዳለ ከሆነ ማሳውን በከንቱ አስበላችው ማለት ነው።

አራጌ ጭቃውን ከእጁ ላይ ጠረገ።

«እግዜር ይስጥልኝ፣ ሼህ ነጅሙ» አለ። «ዝጋው ያለችኝ የደራሽ ነው፤ ይሁን። እሾሁን አቀብይኝ ያልኳትም የደራሽ ነው እንበል። ግን ከዘጋን በኋላ እጅሽን ወጋሽ ወይ ብያታለሁ። እሷም ትንሽ ብላኛለች። ይኼ የደራሽ አይደለም።»

«ማንም አልሰማህም እኮ፣ አንተ ሰው» አሉ ሼህ ነጅሙዲን፣ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው።

«እኔ ሰምቻለሁ።»

ሽማግሌው ጢማቸውን ያዙ። «ጅራት ትወርዳለህ። የሚወርደው የዘንድሮውም የከርሞውም ተራህ ነው። ሕጉ የእኔ አይደለም።»

«እወርዳለሁ።»

«ለምንድነው የሚወርደው?» አለች ቆንጅት። «ቀድሜ የተናገርኩት እኔ ነኝ። ለምን እኔን አታወርዱኝም?»

«አንቺ ተራ የለሽም» አላት አራጌ። «ተራው የቤቱ ነው። የወረድነው አብረን ነው።»

«ታዲያ እጅሽን ወጋሽ ወይ ያልከው ምን አንቀዥቅዦህ ነው? ቤት እስክንገባ አትጠብቅም ነበር?»

«ሁለት ዓመት ጠበቅሁ እኮ።»

ከገበሬዎቹ አንዱ ሳቀ፤ ከዚያ ሁሉም ሳቁ። ሁለቱ አልሳቁም። እየተጨቃጨቁ ወደ ማሳቸው ወረዱ፤ አካፋውን እሱ፣ ዶማዋን እሷ ተሸክመው።

የምሥራቁ ጥግ ገደል ሆኖ ነበር። እስኪያሽት ጥቂት ሳምንት የቀረው ማሽላ፣ ከነሥሩ ተነቅሎ ታች የሙሉጌታ ማሳ ላይ ተከምሯል። ቆንጅት አንዱን አገዳ አንሥታ ጭቃውን አራገፈች። ወይንሸት አጠገቧ ቆመች።

«ሰምተሽኝ ነበር?»

«ሰምቼ ነበር፣ እማዬ።»

ቆንጅት አገዳውን ጣለችው። «ለአባትሽ እንዳትነግሪው» አለች። ትንሽ አሰብ አደረገችና፣ «ወይም ተዪው። እኔው እነግረዋለሁ» አለች።

ነገረችው። ያን ማታ ቤቱ እንደ ገበያ ነበር። የሁለት ዓመት ነገር ተጠራቅሞ የለ፤ የጨው፣ የነጠላው፣ የሙሉጌታ፣ እንዲያውም ሃያ ዓመት ያለፈው የእሸቴ ክርስትና ጉዳይ ሁሉ ወጣ። ወይንሸት ደግሞ ያደረሰቻቸው ብዙ ቃላት ከተነገሯት ጋር እንደማይገጥሙ ተገለጠ።

«ስትበይ ማየት እፈልጋለሁ? እኔ? እንዲህ አልወጣኝም።»

«እኔም ጨንቆኛል አላልኩም።»

«አልጨነቀሽም?»

ቆንጅት ሽሮው ላይ ቅቤ ጣለች።

ከዚያ ነገሩ ወደ ቆቦ ዞረ። አራጌ ጥጉን ለማደስ እጅ ያስፈልጋል፣ ጅራት ላይ የወረደ ቤት ሁለት ቤት አይችልም፣ ዓመት ትቆይ አለ። ቆንጅት መጀመሪያ ትሂድ አለች፤ ከዚያ በዚህ ዕድሜዋ ብቻዋን አለች፤ ከዚያ እንደገና ትሂድ አለች። ወይንሸት አንገቷን ከአንዱ ወደ ሌላው እያዞረች ታዳምጣለች። ስለ እሷ ሲነጋገሩ እሷን መሃል ሳያስገቡ የመጀመሪያ ጊዜያቸው ነበር፤ ደስ እንዲላት ጠብቃ ነበር፣ ግን የተረሳች መሰላት።

«እሄዳለሁ» አለች።

ሁለቱም ወደ እሷ ዞሩ።

«ማን አለ?» አላት አባቷ፣ ከልማድ።

«ማንም አላለም። እኔ ነኝ። ጥጉን እስከ ሰኞ ካንተ ጋር እሠራለሁ፣ ቅዳሜ ቅዳሜም መጥቼ እሠራለሁ። ግርዶሹን ያስፈረስኩት እኔ ነኝ፤ አውቃለሁ። ግን እሄዳለሁ።»

አራጌ ሚስቱን አየ። በዓይኑ ሳይሆን በአፉ ነው የጠየቃት። «ምን ትያለሽ?»

«ሰማሃት አይደል» አለች ቆንጅት። «እኔ ምን እጨምርበታለሁ?»

ጥጉን እስከ እሑድ ዋዜማ በድንጋይና በእሾህ ሞሉት። ሙሉጌታም ሁለት ቀን መጥቶ አገዘ። የንስሐ አባታቸው ለአራጌ አርባ ስግደት ሰጡት፤ ቆንጅት ወገቡን እያየች ስለምትቆጥርለት ማጭበርበር አልቻለም። ሰኞ ጠዋት አራጌ አንድ ጆንያ የማሽላ ዱቄት ተሸክሞ፣ ቆንጅት ሽሮና በርበሬ በቅል ይዛ፣ ሼህ ነጅሙዲንና ሳሊሀም ከነፍራሻቸው አስፋልቱ ዳር ወጡ። ሚኒባሱ ውስጥ ባልና ሚስቱ ጆንያው የት ይቀመጥ በሚለው እስከ ቆቦ ተጨቃጨቁ። ወይንሸት በመስኮት በኩል ከሳሊሀ ጋር ተቀምጣ ነበር። ከሰዓት በፊት ሁለቱም ልጆች ዘጠነኛ ክፍል ተመዘገቡ።